አልቦ ያጠለቀው ጭልፊት

በዚያ ጫካ ምድሩ የአያ አንበሶ ነበር፤ ውሃውም የአያ አንበሶ። ሰማዩ ብቻ፣ ክንፍ የለውምና፣ ከእጁ አልገባ አለው። ይህም እንቅልፍ ይነሳው ነበር። ሰማዩን የሚይዝለት ሲፈልግ ጭልፊቱን ጓንጉልን አገኘ።

አይ ጓንጉል! በጎረምሳነቱ ጉድ ነበር እኮ! የማዶ ጫካ ቁራዎች ሊወሩ የመጡ ለት፣ ፀሐይን በጀርባው አዝሎ ወረደባቸው፤ ከየት እንደመጣ ሳያዩ ላባቸውን እያንጠባጠቡ ሸሹ። አያ አንበሶም "የሰማይ አዛዥ" ብሎ በጭልፊቶች ሁሉ ላይ ሾመው። እግሩ ላይ ከባድ የናስ አልቦ በጠፍር አሰረለት፤ ከዙፋኑ አጠገብ ጉቶ ላይ አስቀመጠው። ሥጋው እዚያው ይቀርብለታል።

"እስቲ ትንሽ ልብረር" ሲል፣ አጋፋሪው አያ ጅቦ "ኧረ ጌታዬ! አዛዥ ያስበርራል እንጂ ይበራል?" ይለዋል። ጓንጉልም ሥጋውን ይውጣል። ሆዱ ገፋ።

በድርቁ ዓመት ኩሬው ሲጎድል፣ አያ አንበሶ ዳር ዳሩን የሰፈሩትን ጅግራዎች ልቀቁ አላቸው። እነሱ ግን እንቁላላቸውን ታቅፈው እምቢ አሉ። ከኩሬው አጠገብ፣ በዙፋኑ ዙሪያ ጉባኤ ተጠራ።

"ጭልፊቶቼ ይውረዱ! እንቁላሉን አንድ ሳያስቀሩ ይስበሩ!" አለ አያ አንበሶ።

እመት ጅግራ ከጎጆዋ ሆና አንገቷን መዘዘች። "አንተ ጓንጉል! ድሮ ጥላህን ስናይ ነበር የምንደበቀው። ዛሬማ ከአንተ ቀድሞ ሆድህ ይታያል! ና፣ እንቁላሌ ይኸውልህ!"

ጉባኤው በሳቅ ፈነዳ። ጓንጉል አፈረ፤ ሴቲቱ ግን ደስ አለችው።

"ጌታዬ፣" አለ ቀስ ብሎ፣ "ስራብ ጅግራ እበላለሁ፤ እሷም አትክደኝም። እንቁላል ሰብሬ ግን አላውቅም።"

"የሾምኩህ ልታማርጥ ነው እንዴ?"

"እንግዲያስ በደንባችን ይሁን። በእኛ ዘንድ አዛዥ ቀድሞ ይወርዳል፤ እሱ የወረደበት ላይ ሌላው ሳይጠይቅ ይወርዳል። ጉቶ ላይ ተጎልቶ 'ውረዱ' ማለት የለም።"

አያ አንበሶን ደስ አለው። "ማለፊያ ደንብ! በሉ ማሉልኝ! ጓንጉል የወረደበት ላይ ያልወረደ ጠላቴ ነው!"

ጭልፊቶቹ በየዛፉ ሆነው ማሉ።

"አልቦው ይፈታልኛ" አለ ጓንጉል።

"ሹመት ደግሞ ይፈታል?" አለ አያ ጅቦ።

ጓንጉል እንዲያው ተነሳ። ሆዱ ከበደው፣ አልቦው ጎተተው፣ አንድ ቁጥቋጦ ገጭቶ ጦጣዎቹን አሳቀ። እንደ ምንም ወጣ። ወጣ፣ ወጣ፣ ነጥብ አከለ። የድሮው ነፋስ ክንፉ ሥር ሲገባ እንደ ጎረምሳ ጮኸ፤ ጠፍሩንም በምንቃሩ በጠሰው።

እታች አያ አንበሶ ቀና ቢል ፀሐይ ዓይኑን ወጋችው። "የት ገባ?"

ቋ! አልቦው ግንባሩን አገኘው። ከአልቦው ኋላ ጓንጉል፤ ከጓንጉል ኋላ መሐላቸውን የጠበቁ ጭልፊቶች በሙሉ! ጎፈሩ እየተነጨ፣ የጫካው ጌታ ጅራቱን ሸጉጦ ወደ ማዶ ነጎደ። እመት ጅግራ ከእንቁላሏ ሳትነሳ እልልታዋን አቀለጠችው።

አቧራው ሲበርድ አያ ጅቦ ከተደበቀበት ወጣ። አልቦውን አነሳ፣ በምላሱ ወለወለ፣ ጭልፊቶቹ ወዳረፉበት ዛፍ አንጋጠጠ።

"ጌቶቼ፣ ዙፋን ባዶውን አያድርም። ለማን ላጥልቀው?"

ጓንጉል እግሩን ላባው ውስጥ ሸሸገ። ደንብ ነውና፣ ዛፉ ላይ ያለ ክንፋም ሁሉ እግሩን ሸሸገ።