ቤት አንዳጅና የማንጠግቦሽ ኮከብ

ደጋው አልቆ መሬቱ ወደ በረሃው ቁልቁል በሚወርድበት ጠርዝ ላይ፣ ጨጎማ ከምትባለው መንደር በላይ፣ ዛፍ የማይበቅልበት አንድ ኮረብታ አለ። ስሙ ቤት አንዳጅ ነው። ለአገሩ እንግዳ የሆነ ሰው ስሙን ሲሰማ ሽፍታ የኖረበት ይመስለዋል፤ የጨጎማ ሰው ግን ሴት ልጁን ሲመርቅ «የቤት አንዳጇን ልብ ይስጥሽ» ይላል። በበጋ ወራት ጀንበር እንደጠለቀች ከዚሁ ኮረብታ አናት በላይ የሚታየውን ደማቅ ኮከብም የማንጠግቦሽ ኮከብ ይሉታል።

ሽማግሌዎች እንደሚሉት፣ ጥንት ያ ኮከብ የሚጠራው «መሪ» ተብሎ ብቻ ነበር። የጨጎማ ወንዶች በየበጋው አሞሌ ጨው ሊያመጡ ግመልና በቅሎ እየነዱ ወደ በረሃው ይወርዱ ነበር። ሲመለሱ ቀን ቀን ሐሩሩ ስለማያስኬድ የሚጓዙት ጀንበር ካዘቀዘቀች በኋላ ነው፤ የበረሃውም አቧራ ትናንሾቹን ከዋክብት ስለሚጋርድ፣ ያንን አንድ ኮከብ ፊት ለፊታቸው ካልያዙ በቀር ከተሰነጣጠቀው መሬት መካከል መውጫውን የሚያገኘው አልነበረም።

ማንጠግቦሽ የጨው ተጓዦቹን ቅፍለት የሚመራው የይመር ሚስት ነበረች። ከተጋቡ ዓመት አልሞላቸውም፤ ይመር ለጉዞ ሲነሣ የአዲሱ ቤታቸው የግድግዳ ጭቃ ገና አልደረቀም ነበር ይባላል። ማገሩን ሲያስር ልጡን እያቀበለችው፣ ሲደክመው እሷ ራሷ እያሰረች፣ ምሰሶውን ሲያቆም ሥሩን በድንጋይ እየጠቀጠቀችለት የሠሩት ቤት ነው።

ታዲያ መንገደኞቹ ይገባሉ ተብሎ በሚጠበቁበት ሰሞን አንድ ምሽት ኮከቡ ፈዘዘ። በማግስቱም ፈጽሞ ከዓይን ጠፋ። እንዲህ ያለ ነገር አየሁ የሚል ሰው በመንደሩ አልነበረምና ሁሉም ለክፉ ተረጎመው። የይመር አባት ሙሄ፣ በጉልምስናቸው ያንኑ መንገድ የመሩ ሰው፣ ወደ ምራታቸው መጡ።

«ልጄ፣ መሪ ከጠፋ ከዚያ የሚወጣ ሰው የለም። ነጠላሽን አዘቅዝቀሽ ልበሺ» አሏት።

ማንጠግቦሽ ነጠላዋን አልነካችም። «አባባ፣ እርስዎ ሲመጡ ኮከቡን በየት በኩል ነበር የሚያዩት?»

«በዚህ ኮረብታ አናት ላይ ነዋ።»

«እንግዲያው ከዚያው ቦታ ብርሃን ከታያቸው ይበቃቸዋል።»

ኮረብታው ራቁቱን ነው፤ ጫካው ደግሞ ሩቅ ነው። ማንጠግቦሽ ወደ ቤቷ ገብታ ጣራውን መፍታት ጀመረች። እንደሚነገረው፣ ሣሩ በአንድ አፍታ ነደደና አለቀ፤ ከዚያ በየምሽቱ ማገሩን እየፈታች ተሸክማ ወጣች። ልጡን ስትፈታ የትኛው ቋጠሮ የይመር፣ የትኛው የራሷ እንደሆነ እጇ ይለየው ነበር። የእሱ ጥብቅ ነው፤ የእሷ እጥፍ አለው። ጎረቤቶቿ አእምሮዋ ተነካ ብለው ከሩቅ ያለቅሱላት ነበር እንጂ የቀረባት የለም።

በመጨረሻ ምሰሶው ብቻ ቀረ። ማንጠግቦሽ እጇን ጣል አድርጋበት ጥቂት ቆየችና ሥሩን መቆፈር ያዘች። ነቅላ ብትጥለውም ልታነሣው ግን አልቻለችም። እየታገለችው ሳለ የምሰሶው ጫፍ ቀለል አላት፤ ዘወር ስትል ሙሄ ናቸው።

«አንቺ ከፊት ያዢ፤ እኔ ከኋላ እገፋለሁ» አሏት።

ሽማግሌው ከምራታቸው ጋር ዳገቱን እያቃሰቱ ሲወጡ ያየ መንደር ዝም ብሎ መቀመጥ አልቻለም። አንዱ በሩን፣ አንዱ የከብቱን በረት አጥር፣ አንዷ አልጋዋን እየያዙ ተከተሏቸው። ያን ምሽት የነደደው እሳት ድንጋዩን ሰነጠቀው ይባላል፤ ስንጥቁንም እስከ ዛሬ ያሳያሉ።

ጎህ ሲቀድ የበቅሎ ቃጭል ከሥር ተሰማ። ይመር ከንፈሩ ተሰነጣጥቆ፣ አንድ የታመመ ጓደኛውን በጀርባው አዝሎ ወጣ።

«መሪ ጠፍቶብን ጨዉን ጥለን ተቀምጠን ነበር» አላት። «ከብዙ ምሽት በኋላ ከዚያው ከቦታው ብልጭ አለልን። ግን እንዲህ ሲቀላ አይቼው አላውቅም።»

«መሪ አይደለም» አለችው፤ «ቤታችን ነው።»

ይመር ቤታቸው የነበረበትን ባዶ ቦታ አየ። መጀመሪያ ሳቀ፤ ቀጥሎ ግን መሬት ላይ ተቀመጠ ይላሉ። መንደሩ በደቦ ሌላ ቤት ሠራላቸው። ኮከቡም ሰንበትበት ብሎ ሲመለስ የሴቲቱ ስም ወጣለት።

ዛሬ ጨው የሚመጣው በመኪና ነው። ኮከቡ ግን በሰው ዕድሜ አንዴ ያህል ይፈዝዛል፤ በፈዘዘም ጊዜ እያንዳንዱ ቤተሰብ ከገዛ ቤቱ አንድ እንጨት ነቅሎ ኮረብታው ላይ ያነዳል። በቅርቡ ረቂቅ የምትባል የሥነ ፈለክ ተመራማሪ ቴሌስኮፕ ይዛ መጥታ፣ ኮከቡ ሁለት መሆኑን፣ ደብዛዛው በደማቁ ፊት ሲያልፍ እንደሚጋርደው ነገረቻቸው፤ የሚጋረድበትንም ምሽት አስልታ አስቀድማ አስታወቀቻቸው። ሕዝቡ በስሌቷ እጅግ ተደነቀ፤ ምሽቱም እንዳለችው ሆነ።

«የተጋረደው ተመልሶ ይታያል ማለት ነው?» አሏት አንድ ሽማግሌ።

«ይታያል፣ አባቴ። ለማንጠግቦሽ ግን ይህን የነገራት ሰው አልነበረም» አለች ረቂቅ።

«አንቺስ ቤት አለሽ?»

«የኪራይ ነው።»

«እንግዲያው ካለሽ ነገር አዋጪ።»

ረቂቅ ወዲያ ወዲህ አየች። ከዚያ ቴሌስኮፑ የመጣበትን የጣውላ ሣጥን ክዳን ገንጥላ ከሰዉ ጋር ዳገቱን ወጣች። ቴሌስኮፑም ወደ አዲስ አበባ የተመለሰው በጋቢ ተጠቅልሎ ነው ይባላል።