ይርገዱ እና የጊዜ ሽብልቅ

«ተረት ተረት!»

«የመሠረት!»

ጠጋ በሉ እንግዲህ። ዛሬ የማወራችሁን ነገር ባለቤቲቱ ይርገዱ ሃያ ዓመት ሙሉ ለማንም ሳትናገር ኖራለች። ብቻዋን ስትሆን እንኳ ጮክ ብላ ተናግራው አታውቅም።

በድሮ ጊዜ ዓለም አንድ ብቻ አልነበረችም፤ ሦስት ነበሩ። አንዷ የምድር፣ አንዷ የደመና፣ አንዷ የውኃ። ሦስቱም እንደ አንድ ጎጆ ክፍሎች በአንድ ትልቅ ምሰሶ ዙሪያ ቆመው ነበር። ጊዜም በዚያው ምሰሶ ዙሪያ ይዞር ነበር። ከምሰሶው ሥር አንድ የወይራ ሽብልቅ ተመትቶ ገብቷል። ሽብልቁ ሲጠብቅ ትናንት ከዛሬ በፊት፣ ነገም ከዛሬ በኋላ ይመጣል። ሲላላ ግን ጊዜ ይንገዳገዳል።

ስለዚህ ሽብልቁ በየዓመቱ በመጨረሻው ቀን ጠዋት ሦስት ጊዜ ይመታ ነበር። ሥርዓቱ በብራና ተጽፏል። ብራናውን ማንበብ የምትችለው ይርገዱ ብቻ ስለነበረች መዶሻውን ለእሷ ሰጧት። ይርገዱን ፊደል አያስቸግራትም። ሰው ፊት መናገር ግን ያስጨንቃታል። «እንደምን አደርሽ?» ሲሏት መልሱ አፏ ላይ የሚመጣው ሰውየው ካለፈ በኋላ ነው።

ስምረት የምትባል ታናሽ እህት ነበረቻት። ስምረት ለሁለታቸውም ታወራለች፤ ለሁለታቸውም ትስቃለች። ታዲያ ስምረት ለደመና ዓለም ሰው ታጨች። የምትሄደውም በአዲሱ ዓመት የመጀመሪያ ቀን ነበር።

የዓመቱ የመጨረሻ ቀን ነጋ። ይርገዱ መዶሻዋን ይዛ ወደ ምሰሶው ሄደች። አንድ ጊዜ መታች። ሁለት ጊዜ መታች። ለሦስተኛው እጇን አነሣችና ቆመች። «ነገ ትንሽ ቢዘገይስ? አንድ ቀን ብቻ፣ እህቴን ልጥገባት» ብላ አሰበች። መዶሻውን አስቀምጣ ወደ ቤቷ ተመለሰች።

ያኔ ከምሰሶው ሥር መሬቱ ተሰነጠቀ። በስንጥቁም «ቀን በላ» የሚባል ጭራቅ እስከ ወገቡ ብቅ አለ። ይህ ጭራቅ ሰው አይበላም። የሚበላው ያለፈ ቀን ነው። መጀመሪያ የሚበላውም ሽብልቁ ለእሱ ሲባል የላላለትን ሰው ቀኖች ነው።

አዲሱ ዓመት አልመጣም። ያው ጠዋት ተመልሶ ነጋ። ስምረት የሙሽራ ቀሚሷ ረዝሞባት፣ እየረገጠችው መጣች። አሥራ ሁለት ዓመቷ ሆኖ ነበር። ይርገዱ ሮጣ ሄዳ ሽብልቁን መታችው። ጭራቁ በክርኑ ገፍቶ መለሰው።

ያው ጠዋት እንደገና ነጋ። ስምረት የወለቀ የፊት ጥርሷን በመዳፏ ይዛ እያለቀሰች መጣች። ስድስት ዓመቷ ነበር። ይርገዱ ሄዳ ጭራቁን ለመነችው። «ምን ታንሾካሹኪያለሽ? ልመናሽ ጨው የለውም!» ብሎ ሳቀባት።

ያው ጠዋት ለሦስተኛ ጊዜ ነጋ። ስምረት በጓዳው ወለል ላይ ትድኻለች። ከቀኖቿ ለጭራቁ አንድ ጉርሻ ብቻ ቀርቶታል። ያችን ከጎረሳት ስምረት የምትባል ሰው ተወልዳ አታውቅም።

ይርገዱ ሕፃኗን አዝላ እያለቀሰች ስትሮጥ መንገድ ላይ አንዲት አሮጌ ኤሊ አገኘች።

«ልጄ፣ ሽብልቁን ስንት ጊዜ ነው የመታሽው?» አለቻት ኤሊዋ።

«ሦስት» አለች ይርገዱ፤ ፊቷ ቀላ።

ኤሊዋ ለረጅም ጊዜ አየቻት። «ይሁን። የዚህ ጭራቅ ጆሮው ሆዱ ውስጥ ነው። ለሆዱ ንገሪው።»

ይርገዱ መዶሻዋን አንሥታ ጭራቁ ፊት ቆመች።

«ጌታዬ፣ ሁልጊዜ ያደረ ነገር አይሰለችዎትም?»

«ያደረ?»

«ትናንት ያደረ ነው። ካቻምና ደግሞ የሻገተ ነው። ነገን ቀምሰው አያውቁም?»

ጭራቁ ከንፈሩን ላሰ። «ነገ ትጣፍጣለች?»

«ትኩስ ናት። ማንም አልነካትም።»

«አምጫት!»

«ሽብልቁ ላልቶ እንዴት ትምጣ? እኔ ደግሞ አቅም የለኝም፤ አይተውኛል።»

«ዞር በይ፣ አንቺ ጭራሮ!» ብሎ መዶሻውን ነጠቃት። አንድ ጊዜ መታ፤ ጊዜ መንገዳገዱን ተወ። ሁለት ጊዜ መታ፤ ፀሐይ ረጋች። ሦስት ጊዜ መታ፤ ስንጥቁ ወገቡን አንቆ ያዘው።

«ኧረ ወገቤን!» ብሎ አፉን ሲከፍት፣ የበላቸው ቀኖች እንደ ነጭ ቢራቢሮ እየተግተለተሉ ወጡ። ጭራቁ ባዶ ስልቻ ሆነና ወደ ታች ሾልኮ ጠፋ። ስንጥቁም ተዘጋ። ስምረት ከይርገዱ ጀርባ ወርዳ፣ ሙሽራ ሆና ቆመች።

«እትዬ፣ ምን ሆነሽ ነው እንዲህ የምታለከልኪው?»

አዲሱ ዓመት ገባ። ስምረት ሄደች። የአገሩ ሰው ይርገዱን «ጊዜን ያዳነች» ብሎ አመሰገናት። እሷ ግን ባመሰገኗት ቁጥር ፊቷን አዙራ ትሄድ ነበር።

ስምረት በየዓመቱ ልትጠይቃት ትመጣ ነበር። አንድ ቀን ውላ፣ በነጋታው ትሄዳለች። እንዲህ ሆኖ ሃያ ዓመት አለፈ። በሃያኛው ዓመት ራት ሲበሉ ስምረት፣ «ያኔ ሽብልቁ የላላው እንጨቱ አርጅቶ ነው ይላሉ» አለች።

ይርገዱ ጉርሻዋን መለሰች። «እንጨቱ አላረጀም። እኔ ነኝ። ሁለት ብቻ መታሁ። አንድ ቀን እንድትቆዪልኝ ብዬ።»

የስምረት እንባ መጣ።

«ቅሪ ብትዪኝ እኮ ወር እቀመጥ ነበር! በየዓመቱ በነጋታው የምሄደው ለምን ይመስልሻል? ዝምታ የምትወጂ መስሎኝ፣ እንዳልረብሽሽ ብዬ ነው።»

ልጆች፣ የምትፈልጉትን ነገር አፍ አውጥታችሁ ጠይቁ፤ ያጠፋችሁትንም አፍ አውጥታችሁ ተናገሩ። በሆድ የታፈነ ነገር የራሳችሁን ብቻ ሳይሆን የሌላውንም ቀን ይበላል።

በማግስቱ ጠዋት የስምረት ባል የደመና በቅሎውን ጭኖ መጣ። የአገሩ ሽማግሌዎችም እንግዳዋን ሊሸኙ ደጅ ተሰበሰቡ። ይርገዱ ከቤት ወጥታ መሐላቸው ቆመች።

«ያን ዓመት ሽብልቁን ያላላሁት እኔ ነኝ» አለች።

«ምን አለች?» አሉ ጆሯቸው የከበደ አንድ አዛውንት።

ይርገዱ ትንፋሿን ሳበችና እንደገና፣ አሁን ጮክ ብላ ተናገረችው። ሽማግሌዎቹ እርስ በርሳቸው ተያዩ። እሷ ግን አልጨረሰችም። ወደ ስምረት ባል ዞረች።

«ስምረትም አንድ ወር ትቆይልኛለች።»

ሰውየው ሁለቱን እህትማማቾች እያፈራረቀ አየ። ከዚያ ጭነቱን መፍታት ጀመረ።

ተረቴ አለቀ፤ የሰማችሁ ለእንቅልፋችሁ፣ ያልሰማችሁ ለጠዋት ያድርግላችሁ።