ስልክ ማን አምጣ አለ?

አቶ ገብረየስ የልብስ ስፌት ድርጅት ባለቤት ናቸው። ማሽኖቹ መንጫጫት ሲጀምሩ፣ አዳራሻቸው ውስጥ ሰው ጆሮ ሥር ካልጮኹ በቀር አይሰማም። አንድ ቀን ታዲያ በዚሁ ጫጫታ መሀል አንዲት ሴት ሥራ ፈልጋ መጣች። በልጅነቷ ያገኛት ሕመም ጆሮዋን ወስዶ ምላሷን ትቶላታል፤ ሰው ሲናገር ከንፈሩን አይታ ትረዳለች። የሰፋችውን ሸሚዝ አሳየቻቸው፤ እንከን አጡለት።

«እጅሽስ ይባረክ» አሏት። «ግን መስማት ካልቻልሽ እንዴት አድርገን ልንግባባ ነው?»

መልሷን ሳይጠብቁ ወዲያ ማዶ ወደቆመው ፎርማን ዞሩና «አስወጣት!» ብለው ጮኹ። አልሰማቸውም። ደግመው ጮኹ፤ ወይ ፍንክች! ሲቸግራቸው ወደ እሷ ጠቆሙ፣ ጆሯቸውን ነካ ነካ አድርገው ራሳቸውን ነቀነቁ፣ ከዚያም እጃቸውን ወደ በሩ ወረወሩ። ፎርማኑ ገባኝ ብሎ ሮጠና፣ በሩ አጠገብ ካለው የጥበቃ ክፍል ቻርጅ ላይ የነበረውን የአቶ ገብረየስን ስልክ ይዞ ከች አለ።

ሴትየዋ ሳቋን ዋጥ አድርጋ ወደ ጆሯቸው ጠጋ አለችና፣ «ጋሼ» አለች ጮክ ብላ፣ «ጆሮ ያለው ሰውዎ ስልክ አመጣልዎ። ጆሮ የሌለኝ እኔ ግን ‹አትሰማም፣ አስወጣት› እንዳሉት ገብቶኛል። ሂጂ ካሉኝ እሄዳለሁ፤ ብቻ እስከ በሩ እርስዎ ራስዎ ይሸኙኝ። ለእሱ ከነገሩት ወስዶ ማሽን ላይ ያስቀምጠኛል።»

አቶ ገብረየስ ሳቃቸው አመለጣቸውና በአገጫቸው ወደ አንድ ባዶ ማሽን ጠቆሙ። ፎርማኑ ምን እንደተባለ ሲያወጣ ሲያወርድ፣ እሷ ተቀምጣ መርፌው ላይ ክር እያስገባች ነበር።