ሁለት ጊዜ የተቆጠረ ተራ

አንድ ሹም ሴት ልጁን ሊድር ተነሣና ለድግሱ የሚፈጨው እህል ብዛት አሳሰበው። አራት ሴቶችን ከየቤታቸው አስጠራ። በግቢው ያለው ወፍጮ ሁለት ስለሆነ በየሳምንቱ ሁለት ሁለት ሆነው ጎን ለጎን ይፈጫሉ። ሹሙ ግን ሴቶች ከተላመዱ እኔን ማማት ይጀምራሉ ብሎ ይፈራል። ስለዚህ «እያንዳንዷ ከሌሎቹ ጋር አንድ አንድ ሳምንት ትፍጭ፤ ስትጨርስ ትሰናበት» ሲል አዘዘ።

ከአራቱ አንዷ ይታክቱ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት ነበረች። ያላት ነገር ቢኖር አንዲት ቁራጭ የጤፍ ማሳ ናት፤ የአረሙም ጊዜ ደርሷል። «ከሦስት ሴቶች ጋር ሦስት ሳምንት። ግድ የለም፣ እደርስበታለሁ» ብላ መጇን ያዘች። ተራው ከእሷ ጀመረና ከስንዱ፣ ከአልጋነሽ፣ ከትርንጎ ጋር ፈጨች።

ሦስተኛው ሳምንት ሲያልቅ ነጠላዋን አጣፍታ ልትወጣ ስትል የሹሙ አዛዥ በሩ ላይ አገዳት።

«ወዴት ነው? ገና ሦስት ሳምንት ይቀርሻል።»

«ከሁሉም ጋር ፈጨሁ እኮ ጌታዬ!»

«አንቺ ከስንዱ ጋር ፈጭተሻል፤ ስንዱ ግን ገና ካንቺ ጋር አልፈጨችም። አራት ሴቶች ናችሁ፣ እያንዳንዳችሁ ሦስት ጓደኛ አላችሁ። አራት ጊዜ ሦስት አሥራ ሁለት ሳምንት ነው።»

የይታክቱ ደም ፈላ። «እኔ ከስንዱ ጋር ስፈጭ ስንዱ የት ነበረች? ገበያ ወርዳ ነው? እኔና እሷ፣ እሷና እኔ ያው አንድ ነው። አሥራ ሁለቱን ለሁለት ይክፈሉት እንጂ! ምሳ ሲያቀርቡልንማ ለሁለታችን አንድ ሳህን ነበር። ያን ጊዜ እንዴት አንድ ሆንን?»

አዛዡ ዱላውን አነሣባት። ይታክቱ ተመልሳ ወፍጮው ሥር ተንበረከከች። መጁን በገፋች ቁጥር አረሙ ጤፏን ሲውጠው ይታያት ነበር።

በአምስተኛው ሳምንት መጨረሻ ሹሙ ዱቄቱን ሊያይ መጣ። ይታክቱ ከተንበረከከችበት ሳትነሣ ጠየቀችው።

«ጌታዬ፣ ልጅዎ ሙሽራውን ስታገባ አንድ ሰርግ፣ ሙሽራው ልጅዎን ሲያገባ ደግሞ ሌላ ሰርግ ሊደግሱ ነው?»

«አብደሻል እንዴ? አንድ ሰርግ ነዋ!»

«እንግዲያው የእኔና የስንዱ ተራ ለምን ሁለት ሆነ?»

ሹሙ ነገሩ ሲገባው ከት ብሎ ሳቀ። «አይ የሴት ብልሃት!» አለና አሰናበታት። የሀገሩ ሰው የሹሙን ፍትሕ እያነሣ አመሰገነ። አዛዡን ምን ነካህ ያለው ግን አልነበረም። ይታክቱ ቤቷ ስትደርስ ማሳው ላይ የቀረው አረም ብቻ ነበር።

ይህን ሰምቶ የሚስቅ አይጠፋም። ምኑ ያስቃል? ሰውን ለሥራ ሲፈልጉ አባዝቶ መቁጠር፣ ለሁለት መክፈል ሲገባ ደግሞ ዝም ማለት የሂሳብ ስሕተት አይደለም፤ ግፍ ነው። ሁለቱን ሴቶች ለምሳ አንድ ብሎ የቆጠረ ሰው ለሥራም አንድ ብሎ መቁጠር ያውቅ ነበር። ግፍ ደግሞ በሳቅና በስንብት አይካስም። ሹሙ ሂሳቡን አስተካከለ፤ ጤፏን ግን ማን መለሰላት?

እስቲ እርስዎም ያስቡ። በቤትዎ ወይም በመሥሪያ ቤትዎ ተራው ሁለት ጊዜ የሚቆጠርበት ማን ነው? እስኪጮህ ድረስ ነው የሚጠብቁት?