የዘይነባ ማንጎ

ልጆቼ ከትምህርት ቤት ትንሽ ሲዘገዩ ሐሳቤ ወንዝ ወርዶ፣ ሆስፒታል ደርሶ፣ ለቅሶ ተቀምጦ ይመለሳል። ያን ጊዜ እናቴ አንዲት አባባል ጣል ታደርግብኛለች። ለማያውቃት ሰው ስድብ ትመስላለች። መነሻዋን የሰማ ግን ስድብ አይላትም፤ እንዲያውም አንጀት ትበላለች።

ነገሩ የሆነው በእናቴ አገር፣ በወሎ ቆላ ነው። ይማም የሚባል ገበሬ ነበር። ሚስቱ ዘይነባ ስትዳር ከአባቷ ቤት በስባሪ ገንቦ ያመጣቻት የማንጎ ችግኝ በደጃቸው አድጋ ትልቅ ዛፍ ሆናለች። መንደርተኛው ከጥላዋ ያርፋል፣ ከፍሬዋ ይቀምሳል።

አንድ ቀን የኤሌክትሪክ መስመር ሊዘረጉ የመጡ ሰዎች ቀይ ቀለም የተቀባ ችካል ከዛፏ አጠገብ ተክለው ሄዱ። ይማም ከዚያ ወዲያ እንቅልፍ አጣ። ገበያ ላይ ደግሞ አንዱ፣ “ዛፉን ጥለው ግንዱንም ጭነው ነው የሚሄዱት፤ ካሳ የሚሉት ለወሬ ነው” አለው።

“ዘይነባ፣ ሳይቀድሙኝ ልቅደማቸው። ቢያንስ ግንዱ ይቀርልናል።”

“አንተ ሰውዬ፣ የካሳ ገማቾቹ ሳይመጡ? ትንሽ ታገስ እንጂ!”

“ታግሶ ያተረፈ ማን አለ?”

ዘይነባ ውሃ ቀድታ ስትመለስ ዛፏ ተጋድማ አገኘቻት። እንስራዋን አወረደች። አልጮኸችም። ከወደቀው ቅጠል አንዱን አንስታ አሸተተችና፣ “ምሳህን በላህ?” አለችው ብቻ። ይማምን የገደለው ይሄ ነው።

ገማቾቹ የመጡት ከርመው ነው። መስመሩ ወደ ታች ዞሯል፤ የሚነካውም ማሽላውን ብቻ ሆነ።

“ችካሉስ?” አለ ይማም።

“እሱማ ለመለኪያ ነበር፣ አባቴ። ዛፉን ማን ይቁረጡ አለዎት?”

ይማም የማሽላውን ካሳ ተቀበለ፤ ስለ ዛፏ ግን ችካል ተካዩን መሥሪያ ቤት ወረዳ ፍርድ ቤት ከሰሰ። ዘይነባ ተወው ብትለው እምቢ አለ።

“የዛፍሽን ዋጋ በእጅሽ ሳላስገባ አልተውም።”

“እኔ መቼ ዋጋ ጠየቅኩህ?”

“ስላልጠየቅሽኝ እኮ ነው።”

ጎረቤቱን ሽማግሌውን ሼህ ሙሄን ምስክር ቆጥሮ ችሎት ቀረበ።

“ዛፏ ፍሬ ትሰጥ ነበር?” አለች ዳኛዋ።

“ልጆቼ ጥርስ ያበቀሉት በእሷ ነው” አሉ ሼህ ሙሄ።

“መሥሪያ ቤቱ ሲያስቆርጣት አይተዋል?”

ሽማግሌው ይማምን አየት አደረጉና አንገታቸውን ደፉ። “ለወዳጄ ብዬ በአላህ ፊት አልዋሽም። ያስቆረጠችው ፍርሃቱ ናት።”

ዳኛዋ ብዕሯን አስቀመጠች። “ታዲያ ፍርሃትን ካሳ ክፈይ ብዬ እንዴት ልፍረድባት፣ አባቴ?” አለች በለሰለሰ ድምፅ። መዝገቡ በዚያው ተዘጋ።

ይማም ሰፈሩ ሲደርስ ቤት መግባት አቃተው፤ ጉቶው አጠገብ ቁጭ አለ። ያን ጊዜ ከልጡ ሥር ቀላ ያለ ለጋ ቅጠል ብቅ ብሎ አየ። ፍየሎች ከግጦሽ እየተመለሱ ነበርና ደንግጦ ጉቶውን በሁለት እጁ አቀፈው።

ዘይነባ ከቤት ወጣች። “ምን እያደረግህ ነው?”

“ፍየሎቹ እንዳይበሉብሽ ነው።”

“ግባ በል፤ ነገ እናጥርላታለን።”

“እስከ ነገ ብትደርቅስ?”

“ደግሞ ጀመረህ!” አለችና ሳቀች። ዛፏ ከወደቀች ወዲህ ስትስቅ የመጀመሪያዋ ነበር። ጋቢውን አምጥታ ትከሻው ላይ ጣል አደረገችለትና አብራው ተቀመጠች።

ሼህ ሙሄ ከአንድ እንግዳ ጋር በዚያ ሲያልፉ እንግዳው ቆም ብሎ፣ “ይሄ ሰውዬ ምን ሆኖ ነው?” አለ።

ሼህ ሙሄ ሳቃቸውንም እንባቸውንም ዋጥ አድርገው፣ “ፈርቶ የቆረጠ፣ ጉቶ ታቅፎ ተቀመጠ” አሉ።