በሕግ አምላክ የቆመው ሸማኔ

አንድ ሰው ነበረ፤ በእጁ ዝንብ ገድሎ የማያውቅ ሀብታም። እማዋይሽ፣ የጥያቄሽ መልስ እሱ ዘንድ ነውና ተቀመጪ። «ጋሼ፣ ልብስ ሰፊዋ የሞተችው በገዛ እጇ ነው። አበዳሪዋ አስጨነቃት እንጂ አልነካትም። ታዲያ ዐቃቤ ሕግ ሆኜ በምን ልክሰሰው? አለቃዬ መዝገቡን ነገ ዝጊው ብሎኛል» አይደል ያልሽኝ? እኔ ሠላሳ ዓመት ዳኛ ሆኜ ኖሬያለሁ፤ ይህን የነገሩኝ ግን ከእኔ በፊት ወንበሩ ላይ የነበሩ ሽማግሌ ናቸው።

ሀብታሙ ለአንድ ሸማኔ የድርና ማግ መግዣ አበደረው። ሸማኔው ታመመና ቀኑ አለፈበት። ዳኛ ፊት ቢያቀርበው በአንድ ቀን የሚያልቅ ነገር ነበር። ሀብታሙ ግን ዳኛ አይፈልግም። ዳኛ አራጣውን ይቆርጥበታል፣ ለድሀው ቀጠሮ ይሰጥበታል። ስለዚህ ዳኛውን ትቶ የዳኛውን ቃል ያዘ።

ያን ጊዜ ባላንጣውን መንገድ ላይ ያገኘ ሰው «በሕግ አምላክ!» ካለው፣ ያ ሰው ካለበት ንቅንቅ አይልም። እንኳን የሚሄድ ሰው የሚወርድ ውኃ ይቆማል ይባላል። ከዚያ ሁለቱ አብረው ወደ ዳኛ ይሄዳሉ፤ ወጉ ይኸው ነው። ሀብታሙ ግን ማቆሙን እንጂ መውሰዱን አላወቀበትም። ሸማኔውን በልጁ ሰርግ ቀን አማቾቹ ፊት አቆመው። ቃሬዛ ተሸክሞ ወደ ቀብር ሲሄድ አቆመው፤ አስከሬኑ መንገድ ላይ ቀረ፣ ልቅሶተኛው ሁሉ ዞሮ አየው። በመጨረሻም ገበያ መሀል «በሕግ አምላክ! እስክመለስ ንቅንቅ እንዳትል» ብሎት ምሳውን ሊበላ ሄደ፤ በዚያው ቀረ። ጎረቤቶቹ «ተው አንተ ሰው፣ ቤትህ ግባ» ቢሉት፣ «ሕግ ረግጬ እንዴት እገባለሁ?» አላቸው። ገበያው ሲበተን ሚስቱ መጥታ እጁን ይዛ ወሰደችው። በማግስቱ ራሱን አጠፋ። ይህን በተናገርሁ ቁጥር እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ሚስቱ ከሰሰች። ሀብታሙ ነጭ በነጭ ለብሶ ቀረበና «እጄ ንጹሕ ነው፤ ጣቴን አላነሣሁበትም» አለ።

ዳኛው «ስንት ጊዜ አቆምኸው?» ቢሉት፣ እንደ ጀብዱ ቆጥሮት፣ «ሰባት ጊዜ፤ ምስክር አለኝ» አለ።

«ስንት ጊዜስ ወደ እኔ አመጣኸው?»

ዝም አለ።

ዳኛው ብድግ አሉና፣ «በሕግ አምላክ! እስክመለስ እዚሁ ቁም» ብለውት ወጡ። ችሎቱ ገበያው ዳር ነው፤ ቀኑም የገበያ ቀን ነበር። አላፊ አግዳሚው ያየዋል፣ ሴቶቹ ይጠቋቆማሉ፣ ተበዳሪዎቹ ሳይቀሩ ቆመው ይመለከቱታል። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ዳኛው ሲመለሱ፣ ሀብታሙ እያለቀሰ «ጌታዬ፣ ከዚህ ውርደትስ ሞት ይሻለኛል!» አላቸው።

«ማን ነካህ?» አሉት።

ዳኛው ጸሐፊውን ጠርተው ቃሉን አስጻፉና ፈረዱ፤ «በሕግ አምላክ ብሎ ሰው ያቆመ፣ ለዳኛ እስኪያስረክብ ድረስ ጠባቂው እሱ ነው። ይህ ሰው በእጅህ ሳለ ሞተ። ገንዘብህን በፍርድ ታገኘው ነበር፤ ነፍሱን ግን አላበደርኸውም።» ይህን ብለው ወደ ወህኒ ላኩት።

እንግዲህ፣ ልጄ፣ ያንቺም አበዳሪ እንደዚያው ነው። ፍርድ ቤቱ ከሱቁ ፊት ለፊት ነው፤ አንድ ቀን አልገባበትም። ለደንበኞቿ እየደወለ «ሌባ ናት» አለ፣ ፎቶዋን ለእድርተኞቿ ላከ። ድሮ በአንድ ገበያ ያቆሙ ነበር፤ ዛሬ በስልክ አገር ምድሩ ፊት ያቆማሉ። ያበደረ ሁሉ ወንጀለኛ ነው አላልሁሽም፤ ገንዘቡን መጠየቅ መብቱ ነው፣ በሩም ክፍት ነው። ያንን በር አልፎ ሄዶ ሰውን ለውርደት ያቆመ ግን ላቆመው ሰው ይጠየቃል። ነገ አስጠሪውና እጁ ነካት አልነካት የሚለውን ተይው። ስንት ጊዜ እንደደወለባት ጠይቂው፤ ይኮራበታልና ቆጥሮ ይነግርሻል። ቀጥለሽ ስንት ጊዜ ዳኛ ፊት እንዳቀረባት ጠይቂው። ዝም ሲልሽ ዝምታውን ጻፊው። መዝገቡንም አትዝጊ።