የዘገየ ተዝካሮች

ባል በጀግንነቱ ሲኩራራ ሴቶቻችን ጣል የሚያደርጓት አንዲት አባባል አለች። ከሜዳ የበቀለች እንዳትመስላችሁ፤ ሁለት በሬ የተበላባት ናት።

ወንዝ የሚለያቸው ሁለት መንደሮች በግጦሽ ይዋጉ ነበር። የወዲህኞቹ ሽንፈት ሲመራቸው የወንዙን ቆሌ ቢለማመኑት፣ «አንድ ሰው ስጡኝ፤ ድሉ የእናንተ ነው» አላቸው። ሁሉም መሬት መሬቱን ሲያይ፣ ዘገየ የሚባል ገበሬ ፎክሮ ወንዙ ውስጥ ዘሎ ገባ። የዚያኑ ቀን ድል ሆነ።

ሚስቱ ዝማም ደረቷን እየደቃች አለቀሰች። ለተዝካሩም፣ «ለእንዲህ ያለ ጀግና በግ ነውር ነው» ቢሏት፣ ካሏት ሁለት የእርሻ በሬዎች አንዱን አሳረደች። መንደሩ በልቶ ጣቱን ሲልስ ዘገየ ውሃ እያንጠባጠበ በር ላይ ቆመ።

«ቆሌው ሥጋህ ጎመዘዘኝ ብሎ ተፋኝ» አለና ተጋፍቶ ተቀመጠ። «ለእኔም ቁረጡልኝ እንጂ!»

ማዶዎቹ ይህን ሲሰሙ፣ «ሟቹ ከተነሣ ድሉም ፈርሷል» ብለው ጦር ሰበቁ። ዘገየ ምን ገዶት! ደግሞ ዘሎ ገባ። ደግሞ ድል፣ ደግሞ ተዝካር። ሁለተኛው በሬ ሲታረድ ጠላት ሳይቀር «በሐዘን ቂም የለም» ብሎ እጁን ታጥቦ ቀረበ። ዘገየም ወጡ ሳይቀዘቅዝ ደረሰ።

ከዚያ ወዲያማ ጦርነቱ ተወደደ። ክረምት ሲገባ ሽማግሌዎች ዝማም ደጅ ቆሙ።

«ልጄ፣ ማዶዎቹ ተነሥተውብናል» አሉ ትልቁ፣ ባላምባራስ ቢሻው። «ዘገየን ለአንድ ጊዜ ብቻ ብትፈቅጂልን።»

የማዶው ሽማግሌም ከኋላ ሆነው፣ «አዎ፣ ተነሥተናል» ሲሉ መሰከሩ።

«ምን አርጄ ልዘክረው?» አለች ዝማም። «ዝናቡ መጣ፤ ማሳዬ ጦሙን ሊያድር ነው። ልጆቼ ከርሞ ምን ይብሉ?»

ዘገየ ደረቱን ነፋ። «አንቺ ሴት፣ ለአገር ሁለቴ የሞትኩ ሰው ነኝ እኮ!»

«አንጀቴ ተቆርጦ አልቅሼልሃለሁ፤ ስትነሣም ደስ ብሎኛል። በሬዎቼ ቦራ እና ዳልቻ ግን እንደሄዱ ቀሩ!» አለችና ቀንበሩን አንሥታ ጫንቃው ላይ ጣለችው።

ጀግናው ዙሪያውን ቢያይ የሚያስጥለው አጣ። ሴት እርፍ አትይዝም የሚል ደፋርም አልተገኘ። ዝማም ጅራፏን አጮኸች፤ ቀንበሩ ግን ባንድ ወገን እየተንጋደደ ሞፈሩ አልሄድ አለ።

«የዳልቻን ሥጋ የበላ ይግባበት!» ብላ ዞረች።

ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ እየተገፋፉ ወደኋላ አሉ። ባላምባራስ ቢሻው ግን ከሁሉ አብዝተው እንደበሉ ሁሉም ያውቅ ነበርና፣ አፍረው ጋቢያቸውን አወለቁ፤ በባዶው ወገን አንገታቸውን እያስገቡም እንዲህ አሉ፦ «ሟች ቢነሣ፣ በሬው አይነሣ!»